አራተኛው መስመር

ማክሰኞ፣ ማርች 12 ቀን 2024፣ ከቀኑ ስምንት ሰዓት ላይ ዌድ ቶሊቨር በሩን ሳያንኳኳ ገባ። ሮዳ ሰዓቱን ልብ ያለችው በዚያችው ደቂቃ የጎረቤቷ የጎልዲ የምድጃ ደወል ስለጮኸ ነው። በአይሁድ ለቅሶ ቤት በር አይቆለፍም፣ አይንኳኳምም፤ ስለዚህ የሚከለክለው አልነበረም። ረጅም ሰው ነው። ጸጉሩ አልቋል። የለበሰው ግን ያንኑ የድሮውን ቡናማ ባለ ዳማ ካፖርት ነበር። በእጁ የወረቀት ከረጢት ይዟል።

ሮዳ ግሪንባውም የሐዘንተኛ አጭር በርጩማ ላይ፣ የሸሚዟ ኮሌታ እንደተቀደደ ተቀምጣለች። ወንድሟን ሎይድን የቀበሩት ትናንት ነው። መስተዋቶቹ በአንሶላ ተሸፍነዋል፤ ጠረጴዛው ላይ የተቀቀለ እንቁላል፣ ቤግልና ማንም የማይነካው የዓሣ ሰላጣ ተደርድሯል። ሰው ሁሉ ስለ መኪና ማቆሚያና ስለ ዩኒቨርሲቲው የቅርጫት ኳስ ቡድን ያወራል።

ዌድ አንገቱን ዝቅ አደረገና ማሞቂያው አጠገብ ወንበር ስቦ ተቀመጠ። ከረጢቱን ጉልበቱ ላይ አኖረ። ከዚያ ዝም አለ።

ሮዳም ዝም አለች። ለቅሶ ደራሽ፣ ሐዘንተኛው አፉን ሳይከፍት አይናገርም። ሕጉ ጥንታዊ ነው፤ በብሉሚንግተን ከተማ ግን የሚያከብረው ሰው አይታ አታውቅም። አሁን ከሰው ሁሉ ይሄ ሰውዬ አከበረው። የፓስተር ልጅ!

«ልጄ» አለቻት ጎልዲ፣ ሰማንያ ስድስት ዓመቷ ቢሆንም ጎንበስ ብላ እንቁላል እያቀበለቻት፣ «ያ ረጅሙ ማነው?»

«ማንም አይደለም።»

«ማንም ያልሆነ ሰው አንድ ሰዓት ሙሉ እንዲህ አይቀመጥም። ዲዳ ነው ወይስ ፕሮቴስታንት?»

«ሁለተኛው።»

«እንግዲያው ኬክ ይብላ» አለችና ጎልዲ ሄደች።

ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ ዌድ ተነሣ፤ እንደገና አንገቱን ዝቅ አድርጎ ወጣ። ከረጢቱን አልተወውም።

ሮዳ በዚያ ከረጢት ውስጥ ያለውን የምታውቅ መስሏት ነበር። ሎይድ ከመሞቱ ሁለት ሳምንት በፊት ከዩኒቨርሲቲው ተማሪዎች ሬዲዮ ጣቢያ፣ የባንዱን ታሪክ ለሚያውቁ ሰዎች የተላከ ደብዳቤ ደርሷት ነበር። «የማክሰኞ ካፖርቶች» የተባለውን ባንድ ብቸኛ ሸክላ እንደገና ልናሳትም ነው፤ ዘፋኙ ዌድ ቶሊቨር መሆናቸውን እስከ ዓርብ፣ ማርች 15 ድረስ ያረጋግጡልን ይላል። ለዌድም ጽፈውለታል ማለት ነው። የሚያስፈርማትን ወረቀት ይዞ መጥቷል። የወንድሟን ስም አንዴ ወስዶ አልበቃውም፤ አሁን ደግሞ በሬሳው ላይ!

የሎይድና የዌድ ባንድ የኖረው አሥራ አራት ወር ብቻ ነው። በሴፕቴምበር 1979 አራት ተማሪዎች፣ ማክሰኞ ማክሰኞ አሮጌ ልብስ በግማሽ ዋጋ ከሚሸጥበት ሱቅ አራት ካፖርት ገዙ፤ ስማቸውንም ከዚያው አወጡ። የሚጫወቱት በምድር ቤት፣ በልብስ ማጠቢያ ቤት፣ አንዴም የጣሪያው በረዶ ባልቀለጠ ጋራዥ ውስጥ ነበር። ጊታሩ እንደ ደወል ያቃጭላል፤ ዜማው ግን አንዴ የሰማው ሰው ሳምንት ሙሉ እያፏጨ የሚሄደው ዓይነት ነው። ከሦስት ደቂቃ ያለፈ ዘፈን እነሱ ዘንድ እንደ ነውር ይቆጠር ነበር። ተማሪው ያብድላቸው ነበር፤ ወለሉ ሲረግብ ሮዳ በዓይኗ አይታለች።

የሚዘፍነው ሎይድ ነበር። ከበሮውን እየመታ፣ አንገቱን ወደ ማይክሮፎኑ እንደ ዝይ አስግጎ ይዘፍናል። ችግሩ ከበሮ መቺ ከኋላ መቀመጡ ነው። ፊት ለፊት የሚቆመው ዌድ ጊታሩን እየመታ ከንፈሩን ያንቀሳቅሳል፤ ይህ ልማዱ ነበር። እናም ከሦስተኛው ረድፍ በኋላ ያለው ሰው ሁሉ ዘፋኙ ዌድ ነው ብሎ ወደ ቤቱ ይሄዳል። ሎይድ ግድም አልነበረው። «ቢያንስ የሚያዩት ፊት አገኙ» ይላል።

ከዚያ ሸክላው መጣ። አምስት መቶ ቅጂ፣ መሐሉ ባዶ ነጭ። ስሞቹን ዌድ ማተሚያ ቤት ወስዶ በትልልቅ ወረቀት አሳተመ፤ ወረቀቱን ክብ ክብ እየቆረጡ መሐሉ ላይ መለጠፍ ቀረ። የቆረጠችው ሮዳ ናት። ያኔ አሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነው። በአባቷ ቀለም ቤት ጓዳ ሁለት ቀን ሙሉ፣ በቆርቆሮ ክዳን ከጀርባው ክብ እየሠራች፣ አሥር አሥሩን ደርባ ቆረጠች። አውራ ጣቷ ተላጠ። በሕይወቷ እንደዚያ የኮራችበት ሥራ የለም።

ሸክላው የሚመረቅበት ቅዳሜ፣ ኤፕሪል 1980፣ አንዱን አንሥታ አነበበች። ጊታር፣ ዌድ ቶሊቨር። ቤዝ፣ ጊል ማርሽ። ኦርጋን፣ ከርት ዴል። ሦስት መስመር። አበቃ።

ወንድሟ የለም።

መድረኩ ላይ ወጣች። ዌድ ጊታሩን እየቃኘ ነበር። «ሌባ!» አለችው፤ ማይክሮፎኑ ክፍት ኖሮ አዳራሹ በሙሉ ሰማ። ዌድ ፊቱ ቲማቲም መሰለ። አፉን ከፈተ፣ ከዚያ ወደ ኋላ ዞሮ ሎይድን አየው። ሎይድ እንደ ልማዱ ለመነሻ ቆጠራ ዱላዎቹን አራት ጊዜ አጋጨና ዘፈኑን ጀመረው፤ ጩኸቱ ሁሉን ዋጠው። በዚያው ዓመት ኖቬምበር አባታቸውን ስትሮክ መታቸው፤ ሎይድ ቀለም ቤቱን ተረከበ፤ ባንዱም በዚያው ቀረ። ሮዳ በዚህች ትንሽ ከተማ ውስጥ አርባ አራት ዓመት ሙሉ ዌድ ቶሊቨርን ስታይ መንገድ እየተሻገረች ኖረች።

ረቡዕም ስምንት ሰዓት ላይ መጣ። ያው ወንበር፣ ያው ከረጢት፣ ያው ዝምታ። ለቅሶ ደራሹ ስለ ሎይድ የሚያወራው ስለ ቀለም ነበር። ያደባለቀው ቀለም ሃያ ዓመት አይለቅም፤ ልጅ የተወለደለት ሰው ሲመጣ ግማሹን በነጻ ይሰጣል፤ ቆርቆሮውን በጎማ መዶሻ አራት ጊዜ መትቶ ሲዘጋ አንድ ጠብታ አትፈስም። እውነት ነው። ሮዳ ግን ውስጧ ይቃጠል ነበር። ይሄ ሁሉ ሰው ወንድሟን በግድግዳው ያውቀዋል፤ በድምፁ የሚያውቀው አንድም የለም። የሚያውቀው ያ ማሞቂያው ጋ የተቀመጠው ብቻ ነው፤ እሱም የሰረቀው።

ሐሙስ ሦስተኛ ቀኑ ሆነ። ጎልዲ አላስቻላትም።

«ስሚኝ» አለቻት በሹክሹክታ፣ ግን ክፍሉ ሁሉ በሚሰማው ሹክሹክታ። «ሰውዬው ሕጉን ከእኛ ረቢ በላይ አጠበቀው። ትላንት ኬክ ስሰጠው እንኳ በአንገቱ ነው ያመሰገነኝ። አንቺ ካልተናገርሽው እስከ ፋሲካ እዚሁ ነው፤ እኔ ደግሞ ወንበሩን እፈልገዋለሁ።»

«እርስዎ አያውቁትም፣ ጎልዲ።»

«አላውቀውም። አንቺስ?»

ነገ ዓርብ ነው። ሮዳ ዝም ካለች፣ በሸክላው ላይ ለሁለተኛ ጊዜ የሌላ ሰው ስም ይታተማል። ከተናገረች ደግሞ እሱን ማናገሯ ነው። ወደ ማሞቂያው ዞረች።

«ዌድ። ከረጢቱ ውስጥ ምን አለ?»

ዌድ ጉሮሮውን ሁለት ጊዜ ጠረገ፤ ድምፁ ሦስት ቀን እንዳልተከፈተ በር ሆኖ ወጣ።

«ሮዳ፣ መጀመሪያ እግዚአብሔር ያጽናሽ።»

«ከረጢቱን ነው የጠየቅሁህ።»

«እሺ፣ እሺ።» ወንበሩን ትቶ መጣና አጠገቧ ወለሉ ላይ ተቀመጠ፤ ጉልበቱ ሲንቋቋ ተሰማ። ከከረጢቱ ያወጣው ቢጫ የሆነ ትልቅ ወረቀት ነው። ያልተቆረጠ። ስድስት ቦታ ላይ አንድ ዓይነት ጽሑፍ ታትሞበታል፤ መነጽሯን አደረገች። ጊታር፣ ቤዝ፣ ኦርጋን። ከዚያ ትንሽ ክፍት ቦታ፣ ከበታቹም አራተኛ መስመር።

ድምፅና ከበሮ፣ ሎይድ ግሪንባውም።

ደጋግማ አነበበችው።

«ይሄን መቼ ነው ያሳተምከው? ትናንት?»

«ገልብጪው።»

ገለበጠችው። ጀርባው ላይ በእርሳስ የተሠሩ ስድስት ክቦች አሉ። የአንደኛው ጠርዝ ሰማያዊ ቀለም ነክቶታል።

«አሁን ወደ መስኮቱ ያዢው።»

ወረቀቱን ወደ ብርሃኑ አነሣችው። ክቡ ከጀርባ ወደ ፊት ታየ፤ ሦስቱን መስመሮች አቅፎ፣ ከአራተኛው በላይ አልፎ ይዘጋል። በስድስቱም ላይ እንደዚያው።

ማተሚያ ቤቱ የሰጠው የካርቶን ልክ ነበር፤ አሁን ትዝ አላት። የመጀመሪያው ቀን ጠዋት ጠፋባት። ዓይኗን አሻግራ መደርደሪያው ላይ የትንሿን ቆርቆሮ ክዳን አየች፤ ሰማያዊ ቀለም የነበረባትን። ልኳ ያው ነው ብላ አነሣቻት። ፊቱን አላየችም፤ ከጀርባው ነበር የምትቆርጠው። ቁርጥራጩን ጠርጋ የጣለችውም ራሷ ናት።

«አምስት መቶውን በሙሉ?» አለች።

«ለጥፈን ስንጨርስ ነው ያየነው። ጊል ሊያብድ ነበር። ሎይድ ወለሉ ላይ ተንከባሎ ሳቀ። ሲስቅ ሲስቅ ቆይቶ በኋላ ምን አለ መሰለሽ? ‹እህቴ ሁለት ቀን ሙሉ ጣቷ እስኪላጥ ቆርጣለች። ከእናንተ አንዱ ትንፍሽ ቢል ከበሮዬን ተሸክሜ እሄዳለሁ።› ይቺን አንዷን ወረቀት እኔ አስቀረኋት።»

«ሌባ ብዬሃለሁ።»

«አዎ። በማይክሮፎን።»

አንድ ሰው ከኋላ ሳቀና ሳቁን በሳል ሸፈነው።

«አርባ አራት ዓመት ዝም አልክ?»

«እሱ በሕይወት እያለ አልናገርም ብዬ ምያለሁ። ማክሰኞ ማክሰኞ ቀለም ቤቱ ስሄድ እጠይቀዋለሁ፤ ‹ልንገራት?› ‹ተው፣ ትሸማቀቃለች› ይለኛል። ትንሽ ቆይቶ ደግሞ ‹እኔኮ እዚያ ላይ አለሁ፤ አጫውተህ ስማ› ይላል።»

«ማክሰኞ ማክሰኞ?»

«አንቺ ትምህርት ቤት ስታስተምሪ። ጡረታ ስትወጪ ደግሞ በጓሮ በር መግባት ጀመርኩ። ይሄን የዝምታውን ሕግ ያስተማረኝም እሱ ነው፣ አባታችሁ የሞቱ ጊዜ። ‹ሁሉም ያወራል፤ አንተ ዝም ብለህ ተቀመጥ፣ ታሳርፈኛለህ› አለኝ። ያኔ አንቺ እንዳታይኝ ጓሮ በረንዳ ላይ ነበር የተቀመጥኩት። ብርዱ ሊገድለኝ።»

ሮዳ ሳቀች። ሳቁ ከእሷ ሳይሆን ከሌላ ሰው የወጣ መሰላት፤ ዕንባዋም አብሮት ወጣ። አራት መስመር ያህል ቃል ይበቃው ነበር ሎይድን፤ ተናግሮ ሊያርፍ ይችል ነበር። ለእሷ ጣት ሲል የገዛ ስሙን ተወ። ወረቀቱን ጉልበቷ ላይ ዘርግታ፣ በርጩማዋ ላይ ቀና አለች፤ ከሰኞ ጀምሮ ቀና ብላ አልተቀመጠችም ነበር።

«ሁላችሁም ስሙኝ» አለች፤ ሠላሳ ዓመት ልጆች ያስተማረችበት ድምፅ ተመለሰላት። «‹እስከ መንገዱ ጥግ› የሚለውን ዘፈን የምታውቁ አላችሁ?»

ሦስት አራት ሽበታም ሰዎች እጃቸውን አወጡ። አንደኛው «እኔ ሚስቴን ያገባሁት በእሱ ነው» አለ።

«የሚዘፍነው ወንድሜ ነው።»

«የእኛ ሎይድ?» አለች ጎልዲ። «የመታጠቢያ ቤቴን ቀለም የመረጠልኝ ሎይድ?»

«እሱ ራሱ።»

«እኔ ደግሞ ሃያ ዓመት ሙሉ ስለ ቀለም ብቻ ነው ያወራሁት!»

ሚስቱን በዘፈኑ ያገባው ሰውዬ ስልኩን አውጥቶ መፈለግ ጀመረ። ሮዳ አፏን ከመክፈቷ በፊት ዌድ እጁን አነሣ። «ሠላሳው ቀን ሳያልፍ እሷ ባለችበት ዘፈን አይሰማም» አለ። ሰውዬው አፍሮ ስልኩን ኪሱ ከተተ። ጎልዲ ዌድን ከላይ እስከ ታች አየችውና ያለ አንድ ቃል ሁለተኛ ቁራጭ ኬክ አመጣችለት።

ማታውን ሮዳ ለሬዲዮ ጣቢያው ጻፈች። ደብዳቤው አጭር ነበር፤ ዌድም ከበታቹ ፈረመ።

እሑድ ጠዋት ሰባተኛው ቀን አለቀ። ጎልዲ «በይ ተነሺ» አለቻት፣ እንደ ደንቡ። ሮዳ በርጩማውን ወደ ግድግዳ ገፍታ፣ ጫማዋን አድርጋ፣ ሰፈሩን አንድ ዙር ለመዞር ወጣች። ዌድ በካፖርቱ ደጅ ቆሞ ይጠብቅ ነበር። ጎን ለጎን ሄዱ፤ ማንም አላወራም። ግቢዎቹ ውስጥ በረዶው ሟሟል። አረንጓዴው ቤት፣ ቢጫው ቤት፣ መዝጊያው ቀይ የሆነው ቤት፤ ሁሉንም ሎይድ ነው ያደባለቀው።

መንገዱ ጥግ ላይ ከቆመው ሰማያዊ የፖስታ ሣጥን ጋ ሲደርሱ ሮዳ ቆመች። ጓንቷን አወለቀች። በጣቷ መገጣጠሚያ የሣጥኑን አናት አራት ጊዜ፣ እኩል እኩል አድርጋ መታችው።

«ይሄ ዘፈን አይደለም» አለች።

«አይደለም» አለ ዌድ። «ቆጠራ ነው።»

ሁለቱም ጥጉን ዞረው ሄዱ።

ሸክላው በጁን እንደገና ታተመ፤ ሦስት መቶ ቅጂ ነው። ክብ ወረቀቶቹን የቆረጠችው ሮዳ ናት፤ በዚህኛው ጊዜ ከፊት በኩል፣ አንድ በአንድ።