የሕንዷ እናት ሙሾ

የደባርቅ ሰው ፊልም ለማየት አይሄድም ነበር፤ አገኘሁን ለመስማት ነው የሚሄደው። እውነቱን እንነጋገር ከተባለ ከጎንደር የሚመጣው የሕንድ ፊልም ግማሹ የተቆራረጠ፣ ድምፁም ከጀነሬተሩ ጩኸት የማይለይ ነበር። ቋንቋውን የሚያውቅ ደግሞ በከተማው አንድ ሰው የለም። አገኘሁም አያውቀውም። ግን በቀበሌው አዳራሽ፣ ራሱ በሰፋው የአቡጀዲ መጋረጃ አጠገብ ቆሞ፣ ሕንዶቹ አፋቸውን በከፈቱ ቁጥር እሱ በደባርቅ አማርኛ ይናገርላቸዋል። ልጅቷ ስታለቅስ “ወይ እኔን ይድፋኝ!” ትላለች። ፖሊሱ ሲመጣ “ወዴት ነው? የቀበሌ መታወቂያህን አሳይ!” ይላል። አዳራሹ በሳቅ ሊፈርስ ይደርሳል። ሰዓት እላፊ ስለነበረ ፊልሙ የሚታየው ቅዳሜ ቅዳሜ ከቀትር በኋላ፣ መስኮቱ በጆንያ ተደፍኖ፣ ገበያተኛው ታጭቆ ነው። የአገኘሁ ሥራ ልብስ ስፌት ነው። ስፌቱ እንጀራ ሰጠው እንጂ ስም አልሰጠውም፤ ስም የሰጠው አፉ ነው። አይ ያ አፍ!

ይህ የምነግራችሁ ቅዳሜ ግን እንደ ሌላው ቅዳሜ አልነበረም። በማግስቱ እርቅ ነበር።

የአገኘሁ ታናሽ እህት የፋንታዬ ባል ዋሴ ይባላል። ዋሴ በለጋ ዕድሜው፣ በግጦሽ በተነሣ ጠብ፣ አይቸው የሚባለውን ጎረቤቱን በዱላ መትቶ ገደለ። ሊገድለው አስቦ አልነበረም ይላሉ፤ አይቸው ግን አልተነሣም። ዋሴ ጎንደር ወህኒ ቤት ከርሞ ተፈታ። መንግሥት ቢፈታው የሟቹ ቤተሰብ መቼ ፈታው! የአይቸው ልጅ ደምለው አድጎ ጎረምሳ ሆነ፤ የገበሬ ማኅበሩ ታጣቂ አድርጎት ጠመንጃ ያዘ። ከዚያ ወዲህ ሁለቱ ቤተሰቦች በአንድ ጣሪያ ሥር ተቀምጠው አያውቁም። ዋሴ ገበያ ከወጣ ደምለው ይቀራል። ደምለው ቤተ ክርስቲያን ከሳመ ዋሴ ከሩቅ ተሳልሞ ይመለሳል። ፋንታዬማ ባሏ ደጅ በቆመ ቁጥር “ግባ፣ ግባ እንጂ!” እያለች ሳትወልድ አረጀች።

ቄስ ሀብተ ሚካኤል ናቸው ነገሩን የያዙት። ክረምት ከበጋ ተመላልሰው፣ ጉልበት ስመው፣ በመስቀል ገዝተው፣ ተቆጥተው፣ በመጨረሻ ደምለውን እሺ አሰኙት። ካሳው ተቆርጧል፤ ለእርቁ የሚታረደው ወይፈን ተገኝቷል። እሑድ በቅዳሴ ሰዓት ዋሴ ከወንዙ ድንጋይ አንሥቶ በትከሻው ተሸክሞ ይመጣና ቅዳሴው ሲያልቅ ደጀ ሰላሙ ላይ ይንበረከካል። ደምለው “ለእግዜር ብዬ” ብሎ ድንጋዩን ያወርድለታል። ከዚያ ከአንድ ዋንጫ ይጠጡና ዘመድ ይሆናሉ። ይህን እርቅ እንደ አገኘሁ የለመነ ሰው የለም። በየሽማግሌው ደጅ ሲጠና የከረመ፣ ለእህቱ ሲል የማንንም እግር የሳመ እሱ ነው። ይህን አትርሱብኝ፤ በኋላ ስትቆጡት እንድታስቡለት።

የዚያን ቀን የመጣው ፊልም የበቀል ፊልም ነበር። የቀበሌው ሊቀ መንበር መጨረሻ ላይ አንድ ባላባት እንደሚገደል በተነገራቸው ጊዜ “ይኸማ የኛው ትግል ነው!” ብለው ፈቀዱት። አገኘሁ ጧት ከባለ ማሽኑ ጋር አንዴ አይቶታል። ባላባቱ አንዱን ገበሬ ያስገድላል፤ ሚስቲቱ ልጇን በድህነት ታሳድጋለች፤ ልጁ ጎርምሶ ሲመጣ የአባቱን ደም የነካው ሸሚዝ ከሣጥን አውጥታ ታሳየዋለች። እስከዚያ ድረስ አገኘሁ እንደ ልማዱ እያሳቀ እያስለቀሰ አመጣው። እዚህች ላይ ግን ሴትዮዋ ዘፈን ጀመረች። የሕንድ ዘፈን መቼም ታውቁታላችሁ፣ ማብቂያ የለውም። ሸሚዙን ይዛ ትዘፍናለች፣ ትዞራለች፣ ትዘፍናለች። ሰው መሰላቸት ጀመረ። ከኋላ አንዱ “አገኘሁ! ተኛህ እንዴ?” ብሎ ጮኸ፤ ሳቁ ያኔ በራሱ ላይ ሆነ።

አገኘሁ ደግሞ ሌላውን ሁሉ ይችላል፣ ይህችን አይችልም። ምን ልበል፣ ምን ልበል ሲል ሙሾ መጣለት። የሸጊቱ ሙሾ።

ሸጊቱ የሟቹ የአይቸው ሚስት፣ የደምለው እናት ናት። በአይቸው ለቅሶ ቀን አንድ ሙሾ አውጥታ ነበር፤ አገር ጉድ ያለበት፣ ወንድ ሁሉ አንገቱን ያቀረቀረበት። ደምለው ያኔ ገና ልጅ ነው፤ ግን የተባለው ለሱ እንደሆነ ገብቶታል። ቄስ ሀብተ ሚካኤል ይህ ሙሾ ሌላ ሰው ሳያስገድል አይቀርም ብለው ፈሩ። ሸጊቱን ንስሐ ሰጧት፤ ዳግመኛ ከማንም አፍ እንዳይወጣ በመስቀል ገዘቱ። ከዚያ ወዲህ በለቅሶም በሠርግም ያለው የለም። አገኘሁ ግዝቱን ከማንም በላይ ያውቃል። ግን በዚያች ቅጽበት “ግዝቱ በኛ ላይ ነው እንጂ በሕንድ ላይ መች ሆነ” ብሎ ራሱን አታለለ። ደግሞስ ደመኛው በሌለበት አዳራሽ ማን ይከፋዋል? የሸጊቱ ቤት ሰው እሱ ባለበት አይገባም። በጭራሽ! እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ፣ ድምፁን እንደ ሴት አቅጥኖ አወረደው፦

ደጅ ቆሞ ቢጣራ የሚከፍት አጣ፣
ልጅ አለኝ ይል ነበር፣ ልጁ መቼ መጣ?

ከዚያ አንዲት ሴት “ውይ!” ብላ እዬዬ አለች፣ ሌላዋ ተከተለች፣ ወንዶቹ ወለሉን በእግራቸው ይደበድቡት ጀመር። “ድገመው! ድገመው!” አሉት። ደገመው። እግዜር ይይለት፣ ደገመው። ሕንዱ ልጅ ሸሚዙን ለብሶ ወጣ፤ ባላባቱን ከፎቁ ላይ አሳዶ ገደለው። ሰው በሙሉ ብድግ ብሎ አጨበጨበ፣ ፎከረ። ፊልሙ ገና አላለቀም ነበር፤ ግን ሰው ከተነሣ ማን ይሰማል ብሎ አገኘሁ ዝም አለ። የበሩ ልጆች ጆንያውን ከመስኮቱ አወረዱት፣ ብርሃን ገባ።

ሸጊቱ በሩ አጠገብ ቆማ ነበር። ባሏ ከሞተ ጀምሮ ያላወለቀችውን ጥቁር ልብስ ለብሳ፣ የነጠላዋን ጫፍ አፏ ላይ ይዛ። ከጎኗ ደምለው ነበር። አገኘሁን አየው። አልተቆጣም፣ አልተሳደበም። እናቱን ክንዷን ይዞ በሕዝቡ መሐል ቀስ ብሎ አወጣት።

አገኘሁ ያኔውኑ ሮጦ እግራቸው ላይ መውደቅ ነበረበት፤ ሰው ትከሻውን እየመታ “አንተ እኮ ጉድ ነህ!” ሲለው ቆሞ ቀረ። ወደ ሱቁ ተመልሶ የስፌት መኪናውን ቢያሽከረክር ክሩ እየተበጠሰ አስቸገረው። ትንሽ ቆይቶ ፋንታዬ መጣች። ለነገው የሰጠችውን የዋሴን እጀ ጠባብ ልትወስድ ነው የመጣችው። ፊቷ በርቷል፣ ጠጉሯን ተሠርታለች። እንዲህ ሆና ካያት ስንት ጊዜው!

“አያ፣ ዛሬ አዳራሹን አስለቀስከው አሉ?” አለችው።

“ሰው ማልቀስ ይወዳል” አለ፣ ቀና ሳይል።

“ምን ብለህ ነው?”

“ምንም። የሕንድ ነገር ነው።”

እጀ ጠባቡን ተቀብላ አገላበጠችውና “ነገ እኮ፣ አያ፣ በሬን ከፍቼ ነው የምተኛው” አለች። ሳቀች። አገኘሁ አፉን ከፈተ። “ፋንታዬ፣ ዋሴ ነገ እንዳይወጣ” ማለት ነበር፣ ይኸው ነው፣ ሌላ ነገር አልነበረውም። አላለም። ፊቷን አይቶ አሳዘነችው፤ ደግሞ እውነቱን ለመናገር አፈረ። ደምለው ዝም ብሎ ነው የወጣው፣ ዝም ያለ ሰው ትቶታል ማለት ነው ብሎ ራሱን አጽናና። ለቄስ ሀብተ ሚካኤልም አልሄደም፤ ግዝቱን አፍርሻለሁ ብሎ በምን ፊቱ ይንገራቸው? ፋንታዬ እጀ ጠባቡን በነጠላዋ ጠቅልላ ወደ ቆላው መንገድ ወረደች።

እንቅልፍ አልወሰደውም። ገና ጎሕ ሲቀድ ጋቢውን ደርቦ ወደ ሸጊቱ ቤት ገሠገሠ። ቅዳሴው ተጀምሯል። ሸጊቱ ከጎጆዋ ደፍ ላይ ብቻዋን ተቀምጣለች። እግሯ ላይ ተደፋ።

“እትዬ ሸጊቱ፣ ምላሴ ይቆረጥ! እባክዎ ደምለውን ይጥሩልኝ፣ የፈለገውን ያድርገኝ!”

“ደምለው የለም” አለች። ጠመንጃው የሚሰቀልበት ችካል ባዶ መሆኑን አገኘሁ በበሩ አየው።

“ትናንት አዳራሽ እንሂድ ያለኝ እሱ ነው” አለች፣ ሳትቆጣ። ብትቆጣው ይሻለው ነበር። “‘እማ፣ ነገ ዘመድ ለምንሆነው ሰው ዛሬ ምን ያስፈራናል? አፉ ያስቃል ይላሉ፣ እስቲ ነይ ሳቂ’ አለኝ። ስቄም ነበር። ፖሊሱ መታወቂያ ሲል ስቄ ነበር፤ እሱ ደግሞ እኔ ሳቅሁ ብሎ ደስ አለው። ከዚያ የኔኑ ሙሾ አመጣህብኝ።”

“ይቅር በሉኝ!”

“ማታ እህል አልቀመሰም። ‘አባቴን ለጭብጨባ አዋሉት’ አለኝ። እኔም ተው አላልኩትም። ምን ብዬ? መጀመሪያ ያልኩት እኔ ነኝ።” ነጠላዋን አጣፋች። “ያ ልጅ ባላባቱን ከገደለ በኋላ ምን ሆነ?” አለችው።

“የቱ ልጅ?”

“የሕንዱ ነዋ!”

አገኘሁ ከተደፋበት ቀና አለ። “አሰሩት። እናቲቱ ወህኒ ቤቱ በር ላይ ቆሎ ቋጥራ ስትመላለስ፣ አላስገባ ሲሏት፣ እዚያው በሩ ላይ ሞተች። ሬሳዋን የሚያነሣ ዘመድ አልነበራትም” አለ።

“ታዲያ ይህን ለምን አልነገርከንም?”

“ሰው ተነሥቶ ነበር፣ እትዬ። ሁሉም ተነሥቶ ያጨበጭብ ነበር።”

“ደምለው አላጨበጨበም” አለች ሸጊቱ። “እጁን ይዤው ነበር እኮ። አንተ የቀረውን እስክትነግረው ቆሞ ይጠብቅ ነበር።”

ያ ሁሉ አፍ የት ገባ? ከወንዙ በኩል አንድ ጥይት ጮኸ፤ ከቤተ ክርስቲያኑ የሚሰማው የቅዳሴ ዜማ ለአፍታ ቆመ። ዋሴ ድንጋዩን ሊያነሣ የሚወርድበት ሰዓት ነበር። ሸጊቱ ሁለት እጇን ራሷ ላይ ጭና “ልጄን! ልጄን!” ስትል አገኘሁ ትቷት ቁልቁል ሮጠ። ጋቢው ከትከሻው ወደቀ፤ አላነሣውም። ከወንዙ በላይ ካለው ገደል አፋፍ ሲደርስ ዋሴን ከድንጋዩ አጠገብ ወድቆ አየው፤ ከማዶ የፋንታዬ ጩኸት ተቀበለው። ባሏን አልነበረም የምትጠራው።

“አያ! አያ አገኘሁ! ኧረ ድረስልኝ!” ነበር የምትለው።