በአንድ መዝገብ

አልጣሽ ዛሬ ስንቅ አልያዘችም። ሚኒባሱ ከቡሬ መናኸሪያ ሲነሣ ካሰች መጀመሪያ ያስተዋለችው ይህን ነው። በካሰች ጭን ላይ እንደ ወትሮው የበሶና የቆሎ ቋጠሮ አለ፤ ከእግሯ ሥር እርጎ የያዘች ትንሽ ጀሪካን ተወሽቃለች። አልጣሽ ጭን ላይ ያለው ግን በላስቲክ የተጠቀለለ አዲስ የወንድ ጫማ ነው፤ መኪናው ጉድጓድ ላይ በነጠረ ቁጥር በሁለት እጇ እንደ ሕፃን እቅፍ ታደርገዋለች።

ጠጉሯን ተሠርታለች። መዳፏና ጥፍሯ በእንሶስላ ቀልቷል። ማንኩሳን እስኪያልፉ ድረስ ካሰች ዓይኗን ከእነዚያ ቀያይ ጥፍሮች ላይ ልታነሣ አልቻለችም። የራሷን እጅ ነጠላዋ ውስጥ ደበቀች።

«ካሴ፣ ምነው ዝም አልሽ?» አለች አልጣሽ፣ ቀስ ብላ።

«እንቅልፍ አልወሰደኝም።»

«እኔንም። እኔንማ እንዴት ይውሰደኝ!» አለችና አልጣሽ ሳቀች። ወዲያው ሳቋን በእጇ ሸፈነች፤ የሸፈነችበት ምክንያት ለሁለቱም ገብቷቸው ነበር። ካሰችን ከሳቁ ይልቅ መሸፈኑ አንገበገባት።

በዚህ መንገድ ለዓመታት አብረው ተመላልሰዋል። ባሎቻቸው በአንድ ቀን ተይዘው፣ በአንድ መዝገብ ተከሰው፣ እኩል ተፈርዶባቸው ፍኖተ ሰላም ማረሚያ ቤት ከገቡ ጀምሮ አንዷ ስትታመም ሌላዋ የሁለቱንም ስንቅ ታደርስ ነበር። መንገድ ተዘግቶ ሳምንታት ሲያልፉ በአንድ ደጃፍ ተቀምጠው አብረው ይጨነቁ ነበር። መከራው የጋራ ስለሆነ ነበር የቻሉት። ካሰች ይህ መከራ አንድ ቀን ተነሥቶ ከአንዷ ትከሻ ብቻ ይወርዳል ብላ አስባ አታውቅም።

ወንዶቹ የታሰሩት አያ ቂርቆስ በሚባሉ ሽማግሌ ሞት ነው። የአልጣሽ ባል እጅጉ ከሽማግሌው ጋር በእርሻ ወሰን ይጣላ ነበር። አንድ የታኅሣሥ ምሽት እጅጉና የካሰች ባል ይታገሱ ከአረቄ ቤት አብረው ሲወጡ ሰው አያቸው። በዚያው ምሽት የአያ ቂርቆስ የዳጉሳ ክምር ተቃጠለ። ሽማግሌው ክምራቸውን ሊጠብቁ ሥሩ ተኝተው ኖሮ ከእሳቱ ሳይወጡ ቀሩ። ይታገሱ «እኔ ቤቴ ገብቼ ነበር» አለ። እውነቱን ነበር፤ ጩኸቱ ሲሰማ ካሰች አጠገብ ተኝቶ ነበር። ግን ከካሰች በቀር የሚመሰክርለት አልተገኘም፣ የሚስት ቃል ደግሞ ሚዛን አልደፋም። እጅጉ ፍርድ ቤት ውስጥ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አንገቱን ደፍቶ ዝም አለ።

ባለፈው ሁዳዴ፣ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ፣ አልጣሽ ድንገት መንገድ ላይ ቁጭ ብላ አለቀሰች። «እጅጉ ነገረኝ» አለች። «ብቻውን ነው የለኮሰው። ሰውየው እዚያ መተኛታቸውን አላወቀም። በማርያም፣ ካሴ፣ ከዚህ አይለፍ!» እግሯን ይዛ ለመነቻት። ካሰች ያን ዕለት ቃል ገባች። ቄስ ሃይለ ሚካኤል ከአያ ቂርቆስ ልጆች ጋር እርቅ ጀምረው ነበር፤ እርቁ ከሰመረ ሁለቱም በይቅርታ እንደሚወጡ ተነግሯታል። ሁለቱም ከወጡ የድሮውን እሳት ቆስቁሳ ምን ታተርፋለች?

እርቁ ሰመረ፣ ግን ለአንዱ። የሟች ልጆች ማረሚያ ቤት ድረስ በመጡ ቀን እጅጉ ድንጋይ ተሸክሞ እግራቸው ላይ ወደቀ። ይታገሱ ቆመ። «አዝኛለሁ» አለ። «ያልገደልኩትን ሰው ድንጋይ ግን አልሸከምም።»

ፍኖተ ሰላም ሲደርሱ ማረሚያ ቤቱ በር ላይ የተፈቺዎች ዘመድ አዝማድ ተሰብስቧል። ለዘመን መለወጫ ይቅርታ ያገኙት ከሰዓት በኋላ እንደሚወጡ ተነገረ። አልጣሽ ጫማውን ታቅፋ ዛፍ ጥላ ሥር ተቀመጠች። ካሰች «መጣሁ» ብላ ወደ ቢሮዎቹ ሄደች። ምን ልትጠይቅ እንደሆነ በደንብ አላወቀችም፤ ብቻ እዚያ ጥላ ሥር፣ ከዚያ ደስታ ጎን መቀመጥ አልቻለችም።

የይቅርታ ጉዳይ የሚያየው ሰው ጎልማሳ ነው፣ አነጋገሩ ለስላሳ። ወንበር ሰጣት።

«የይታገሱ ስም ለምን ቀረ፣ ጌታዬ?»

«አልጠየቀም እኮ፣ እህቴ። ማመልከቻው ላይ ጥፋቱን አምኖ፣ ተፀፅቻለሁ ብሎ መፈረም ነበረበት። ለምነነው እምቢ አለ።»

«ካልሠራውስ?»

ሰውየው መነጽሩን አውልቆ ዓይኑን አሸ። «ካልሠራው መንገዱ ፍርድ ቤት ነው። ይቅርታ ለጥፋተኛ ነው የሚሰጠው። በየአገሩ ይለያያል። ንጉሥ ዘውድ ሲደፋ እስር ቤት የሚከፈትበት አገር አለ። መሪው ከሥልጣን ሊወርድ ሲል ለፈለገው ሰው ምሕረት የሚጽፍበት፣ ሰውየው ተፀፀትክ ወይ ተብሎ የማይጠየቅበት አገርም አለ። ሌላው ጋ ደግሞ የሟች ወገን ካልፈቀደ ንጉሡም አይችል። እኛ ጋ ሰውየው ራሱ ‹አዎ፣ እኔ ነኝ› ማለት አለበት።»

ካሰች ስማቸውን እንኳ የማታውቃቸውን አገሮች አሰበች። ባሎቻቸው ምንም ሳይጠየቁ በር ተከፍቶላቸው የሚገቡላቸውን ሴቶች አሰበች። ቀናችባቸው።

«እጅጉ ግን አለ» አለች።

«አለ። ‹ከይታገሱ ጋር ሆነን ለኮስን፤ ተፀፅቻለሁ› ብሎ ፈረመ።»

«ከይታገሱ ጋር?»

«ፍርዱ እንደዚያ ነው የሚለው።»

ወንበሩን ያዘች። እጅጉ የራሱን ኃጢአት ተናዝዞ ሲወጣ ግማሹን ይታገሱ ላይ ጥሎ ነው የሚወጣው። አልጣሽ ይህን ታውቅ ይሆን? ታውቃለች። እያወቀች ነው እንሶስላ የሞቀችው።

«የፈረመው ውሸት ቢሆንስ?» የሚለው ከአፏ ሳታስበው አመለጠ።

ሰውየው ቀና ብሎ አያት። «በሐሰት የተገኘ ይቅርታ ይሰረዛል። ሰውየው ይመለሳል። ለምን ጠየቁኝ?»

«የኔ ባልስ ያኔ ይወጣል?»

«እሱን ፍርድ ቤት ነው የሚያየው። ጊዜ ይፈጃል፤ ይሆናል፣ አይሆንም ልልዎት አልችልም። ግን ለምን ጠየቁኝ?»

«እንዲያው ነው» አለችና ተነሣች።

ከቢሮው እስከ መጠየቂያው አጥር ድረስ ያቺን ነገር ምላሷ ሥር ይዛት ሄደች። አንዲት ቃል ብትናገር እጅጉ ዛሬውኑ ከበሩ ይመለሳል። ይታገሱ ይውጣ አይውጣ ግን ማንም አያውቅም። የምፈልገው የቱን ነው? ብላ ራሷን ጠየቀች። የይታገሱን መውጣት ነው ወይስ የእጅጉን መቅረት? መልሱ ቶሎ መጣላት፤ ቶሎ በመምጣቱም ደነገጠች። በዓይኗ የታያት አልጣሽ ነበረች፤ ጫማውን ታቅፋ ብቻዋን ወደ ቡሬ ስትመለስ።

ይታገሱ አጥሩ ማዶ ቆሞ ጠበቃት። ከስቷል። ጢሙ ውስጥ ሽበት ገብቷል። እርጎውን ተቀብሎ መሬት አስቀመጠ።

«አልጣሽስ? አብራሽ አልመጣችም?»

«በር ላይ ናት። ባሏን ትጠብቃለች።»

«እሰይ። ደስ ይበላት» አለ። ከልቡ ነበር። ካሰችን ያቃጠላት ከልቡ መሆኑ ነው።

«እጅጉ የፈረመውን ታውቃለህ?»

«አውቃለሁ።»

«አንተንም ጨምሮ መሆኑን?»

«አውቃለሁ አልኩሽ። ማታ መጥቶ እግሬ ላይ ወድቆ አልቅሷል።» አጥሩን በጣቶቹ ያዘ። «እሱ በገዛ እጁ የሚሸከመው አለው፣ ካሴ። ተይው።»

«እኔስ? እኔ የምሸከመውስ?» ድምፏ ከፍ አለ፤ በአጥሩ የቆሙት ሁሉ ዞሩ። ዝቅ አደረገችው። «አንዲት ቃል ናት። ‹ተፀፅቻለሁ› ብትል ዛሬ ከኔ ጋር ቡሬ ነበርክ። ለሚቀጥለው ይቅርታ በል። ለኔ ስትል በል።»

«የሰው ገዳይ ሆኜ ልግባልሽ?»

«ባሌ ሆነህ ግባልኝ።»

«አንድ ቀን ስወጣ የቂርቆስ ልጆች ገበያ ላይ ቢያገኙኝ ቀና ብዬ የማያቸው በዚህች ነገር ነው» አለ ይታገሱ። «ይችን ከሰጠሁ የሚተርፈኝ የለም። የሚተርፍሽም የለም።»

ለካሰች እውነት ስምና መልክ ያላት ሴት መሰለቻት፤ ባሏን ሌት ተቀን አጠገቡ ሆና የያዘችባት፣ ከእሷ በላይ የሚወዳት፣ ታማኝ የሆነላት። በባሏ ቀንታ አታውቅም ነበር። በዚህችኛዋ ቀናች። ቋጠሮውን በአጥሩ ቀዳዳ አቀብላው ሳትሰናበተው ዞረች።

በር ላይ ስትደርስ እልልታው ተጀምሯል። የተፈቱት አንድ በአንድ ይወጣሉ። እጅጉ ሲወጣ አልጣሽ ሮጣ አንገቱ ላይ ተጠመጠመች። ጫማውን እግሩ ሥር አደረገችለት። እሱ ግን ጫማውን አላየውም፤ ዓይኑ ካሰች ላይ ነበር። ከሚስቱ እጅ ቀስ ብሎ ወጥቶ ወደ እሷ መጣና ጉልበቷን ሊስም ጎንበስ አለ።

«ተነሥ» አለችው።

አልተነሣም። በዚህ መካከል የይቅርታ ጉዳይ የሚያየው ሰው በሩን አልፎ ወደ እነሱ ሲመጣ አየች።

«እህቴ፣ ቅድም የጠየቁኝ ነገር አላስቀምጥ አለኝ» አላት። «የሚያውቁት ካለ አሁን ይንገሩኝ። ነገ ሌላ ነው።»

አልጣሽ ያን ጊዜ ገባት። ፊቷ አመድ መሰለ። ከንፈሯ ያለ ድምፅ «ካሴ» አለ። ካሰች ከጠዋት ጀምሮ የፈለገችው ይህን ፊት ማየት ነበር። አየችው። የጠበቀችው እርካታ ግን አልመጣም።

የገባችው ቃል ትዝ አላት። ይታገሱ «ተይው» ያላት ትዝ አላት። ከዚያ ደግሞ ጥፍሮቹ ትዝ አሏት፣ ቀያዮቹ።

«እኔ የምናገረው የለኝም» አለች፣ ቃሉን እየጎተተች። እጅጉን ቁልቁል አየችው። «እሱን ይጠይቁት።»

እልልታው ሌላ ቦታ ቀጥሏል። እጅጉ እንደ ተንበረከከ መጀመሪያ ሚስቱን ተመለከተ። አልጣሽ ራሷን ነቀነቀች፤ አትበል፣ አትበል፣ አትበል። ከዚያ ዞሮ ከበሩ ጀርባ ያለውን አጥር አየ። ከዚያ ሆኖ ማንም አይታይም።

«ብቻዬን ነበርኩ» አለ።

ሰውየው እንዳልሰማ ሰው ጎንበስ አለ። «ምን አልክ?»

«ብቻዬን ነበርኩ፣ ጌታዬ። ይታገሱ ቤቱ ገብቶ ነበር።» እጁን መሬት አስደግፎ ተነሣ። «ያን ማታ የለኮስኩት እኔ ነኝ። የፈረምኩት ላይ የሱ ስም ውሸት ነው።»

ሰውየው ክንዱን ያዘው፤ እንደ እስረኛ ሳይሆን እንደ ሕመምተኛ። «ና፣ ውስጥ ሆነህ ቃልህን ስጥ» አለው። ሁለቱ ወደ በሩ ተመለሱ። አልጣሽ ተከትላቸው ሮጠች፤ ዘቡ በእጁ አገዳት። በሩ ተዘጋ።

አልጣሽ በሩ ሥር እጥፍ ብላ ተቀመጠች። አላለቀሰችም። ካሰች ልትሄድ ዞራ ነበር። ከውስጥ አንድ ሰው ስም ሲጠራ ተሰማ፤ የማንን እንደሆነ አልለየችውም። ተመልሳ ከአልጣሽ አጠገብ፣ እጅ ለእጅ በማይነካኩበት ርቀት፣ መሬት ላይ ተቀመጠች።

«ይታገሱን ነው የጠሩት?» አለች አልጣሽ፣ ሳታያት።

«አላወቅኩም።»

ከመንገዱ ማዶ የሚኒባስ ረዳት «ቡሬ! ቡሬ! የሞላ፣ ሁለት ሰው!» እያለ ይጮኻል። አንዳቸውም አልተነሡም።