ወደ አጥሩ ውሰጃት

ከብረት የተባለችው ብስክሌተኛ በተወዳዳሪነት ዘመኗ ከእግሯ ይልቅ የሚፈራው ክርኗ ነበር። በሬድመንዱ ቬሎድሮም፣ ዙሪያው እንደ ጎድጓዳ ሳህን በተነሣውና አናቱ በብረት አጥር በታጠረው የሲሚንቶ መም ላይ፣ ከእሷ ጎን ኩርባ የገባች ሁሉ ወይ ትሸሻለች ወይ ትወድቃለች። የመም ብስክሌት ፍሬን የለውም፤ እሷም አልነበራትም። አንዷን ጥርሷን አራግፋታለች፤ ሌላዋን ደግሞ ከውድድር በኋላ ልብስ መቀየሪያ ክፍል ውስጥ በሄልሜቷ ፊቷን ብላታለች።

ያስቆማትም ይኸው ጠባይዋ ነው። በአንድ ውድድር የመጨረሻ ዙር ከፖርትላንድ የመጣችን ልጅ ስትጋፋ ጎማ ከጎማ ተነካካና ራሷ ወደቀች። ሲሚንቶው ከዳሌዋ እስከ ጉልበቷ ቆዳዋን ገፈፈው፤ የዳሌ አጥንቷም ሁለት ቦታ ተሰበረ። ሐኪሙ ከእንግዲህ መወዳደር እንደማትችል ሲነግራት አላለቀሰችም። የአልጋውን ብረት በቡጢ መታችና ጣቷንም ሰበረች።

እያነከሰች መሄድ ስትጀምር የራሷን ቡድን አቋቋመች። ሬኒየር ቫሊ የሚባለው ሰፈር ካሉት ባለሱቆች አንዱ ማሊያ ገዛላት። ወንዳፍራሽ የሚባል የቀድሞ ብስክሌተኛ በመካኒክነት ተቀላቀላት። ከሁሉ በላይ ግን ሩሐማን አገኘች።

ሩሐማ በዲቪ ከእናቷ ጋር የመጣች፣ ኤርፖርት ሻንጣ የምትጭን ልጅ ናት። ጉልበቷ ከከብረት ይበልጣል። ችግሯ ሰው ጠጋ ሲላት መንገድ መልቀቋ ነው፤ ጭራሽ "ሶሪ" ትላለች።

"ሶሪ የሚባል ነገር እዚህ የለም!" ትጮኻለች ከብረት ከሜዳው መሀል። "ወንዳፍራሽ፣ ግፋት!"

ወንዳፍራሽ ጎኗ እየነዳ በትከሻው ይገፋታል፤ ሩሐማ ትወድቃለች። ክርኗ ይላጣል፣ ጉልበቷ ይደማል። ከብረት "ተነሺ" ከማለት በቀር አንድ ቀን እንኳ እጇን ዘርግታላት አታውቅም። ለወራት እንዲህ ሆነ። በመጨረሻ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ሩሐማ ወንዳፍራሽን መልሳ ገፋችው፤ ሰውየው ከነብስክሌቱ እስከ መሙ ግርጌ ተንከባለለ። ከብረት እያነከሰች ሄዳ የልጅቷን ግንባር ሳመች። ወንዳፍራሽ መሬት ላይ እንደተቀመጠ አፉ ውስጥ የገባውን ደም ተፋና፣ "ከብሪ፣ ይሄ ነገር ደስ አይለኝም" አላት። አልሰማችውም።

ነሐሴ ላይ ሩሐማ ለፍጻሜ ደረሰች። ተጋጣሚዋ ሃኒ ኑሩ፣ ቤልቪው ያደገች ፈጣን ልጅ ነበረች። አባቷ ኑሩ ልጁን ከሕፃንነቷ ጀምሮ በመኪናው ራሱ እየነዳ የሚያመጣ፣ ከብረትን ባየ ቁጥር "እንዴት ነሽ እህቴ?" የሚል ጨዋ ኢንጂነር ነው። ሁለቱ ልጆች ብቻ ለብቻ ይገጥማሉ፤ ከሦስት ግጥሚያ ሁለቱን የወሰደች ታሸንፋለች።

የመጀመሪያውን ሃኒ ወሰደችው። መጨረሻው ኩርባ ላይ ትከሻዋን ሩሐማ ጎን ላይ አሳርፋ አለፈች። ዳኞቹ ጥፋት ብለው አልያዙባትም።

ከብረት ደሟ ፈላ። ሩሐማን በማሊያዋ አንገት ይዛ ጎትታ አስጠጋቻት። "ሰማሽ? በሚቀጥለው ከውስጥ ሆነሽ ተነሺና ወደ አጥሩ ውሰጃት።"

"ብትወድቅስ?"

"ትውደቅ።"

ሩሐማ ሄልሜቷን አጠበቀች።

በሁለተኛው ግጥሚያ ደወሉ ተደውሎ የመጨረሻው ዙር ሲገባ ሃኒ ከላይ፣ ሩሐማ ከታች ነበሩ። ሩሐማ መሪዋን ጠምዝዛ ወደ ላይ ወጣች። አንድ ጊዜ ገፋቻት። ሃኒ ብስክሌቷን አስተካክላ መንዳቷን ቀጠለች። ሩሐማ እንደገና፣ በሙሉ ሰውነቷ፣ ገፋቻት። ሃኒ አጥሩን በደረቷ መታችው፤ ብረቱ ጮኸ፤ እሷም ተገልብጣ ወደ ማዶ ተወረወረች። ብስክሌቷ ብቻውን እየተሽከረከረ ወደ ታች ወረደ።

ሲደርሱላት የትከሻዋ አጥንት ቆዳዋን ቀድዶ ወጥቶ ነበር። ከአፏ ደም ይመጣል። ኑሩ አጠገቧ ተንበረከከ፤ የሚነካት ቦታ አጣ። ከዚያ ቀና ብሎ ሜዳው መሀል የቆመችውን ከብረትን አየ።

እየሮጠ መጣ። መንገዱ ላይ የነበረውን ትልቁን የጎማ መንፊያ አነሣ።

"አንቺ ነሽ! ስትነግሪያት አይቻለሁ!"

ከብረት እጇን ማንሣት ትችል ነበር። እድሜዋን ሙሉ ያነሣችው እጅ ግን ያን ቀን ከጎኗ አልተነሣም። ብረቱ መንጋጋዋ ላይ አረፈ፤ ሁለተኛው ጆሮዋ ላይ። በጉልበቷ ወደቀች። ሦስተኛውን ከመድገሙ በፊት ወንዳፍራሽ ከኋላ ተጠምጥሞ ጣለው፤ ኑሩም እሱ ሥር ሆኖ እንደ ሕፃን መንሰቅሰቅ ጀመረ።

ከብረት ጥርሶቿን እየተፋች ሩሐማን ፈለገቻት። ልጅቷ ብስክሌቷ ላይ እንደተቀመጠች ደርሳ ከጎኗ ቆመች። ደረቷ ይወጣል ይወርዳል። ዓይኗ ያበራል።

"ቀደምኳት አይደል?" አለች።

ከብረት በልጅቷ ፊት ላይ ጸጸት ፈለገች፤ ድንጋጤም ቢሆን። አንዱም አልነበረም። ያየችው ደስታ ነበር፤ ያንን ደስታ ደግሞ በደንብ ታውቀዋለች።

ሩሐማ ከውድድሩ ተባረረች። የተሰበረው የከብረት መንጋጋ በሽቦ ታሰረ። ፖሊሱ ኑሩን ትከስሺው እንደሆነ ሲጠይቃት ራሷን ነቀነቀች፤ አልከስም። ለውድድሩ ኮሚቴም ትእዛዙን የሰጠሁት እኔ ነኝ ብላ ተናገረች። ዳግመኛ ቡድን እንዳትመራ አገዷት፤ ሩሐማን ለአንድ ዓመት ብቻ።

ያን የሰማች ቀን ሩሐማ ከብረት የምትታከምበት ሆስፒታል ፓርኪንግ ድረስ መጣች።

"ለምን ነገርሻቸው? ዝም ብትዪ እኮ በማስጠንቀቂያ ያልፍ ነበር!"

ከብረት በታሰረ መንጋጋ እያቃሰተች፣ "ሃኒ ጣፊያዋ በኦፕራሲዮን ወጥቷል" አለቻት። "ጠይቀሻታል?"

"ምን ልጠይቃት? ትውደቅ ያልሽኝ አንቺ!"

ከብረት በጥፊ መታቻት። ሩሐማ ጊዜ አልወሰደችም፤ መኪናው ላይ አጣብቃ፣ መንጋጋዋ ላይ፣ ሽቦው ላይ፣ በቡጢ መለሰችላት። ከብረት መኪናውን ተደግፋ ተንሸራተተችና ጎማው ሥር ተቀመጠች። ሩሐማ ጥላት ሄደች። ዓመቱ ሲያልቅ ለሌላ ቡድን ፈረመች፤ ታሸንፋለችም ይባላል።

ከብረት ሽቦው ሲፈታላት በባስ ቤልቪው ሄደች። በሩን የከፈተው ኑሩ ነው። ከስቷል።

"ምን ፈለግሽ?"

"ሃኒን ይቅርታ ልጠይቃት።"

ኑሩ አፏ ውስጥ የጎደለውን ጥርስ አየ፤ ዓይኑን ሰበረ። "እጇ ከትከሻዋ በላይ አይነሣም" አለ። "ፀጉሯን እናቷ ናት የምታበጥርላት። እኔ ደግሞ አንቺን ስመታ ማየቷን አልረሳችም፤ መኪናዬ ውስጥ አልገባም ትላለች።"

ኑሩ በሩን አልዘጋም፣ ግቢም አላላት። ከውስጥ የሃኒ ድምፅ በእንግሊዝኛ ማን እንደመጣ ጠየቀ። ኑሩ መልስ እስኪሰጥ ከብረት ደጁ ላይ ቆማ ጠበቀች።