ዋሻው ደጃፍ ላይ ያወለቅሁት ጫማ

ከቬትናም የተመለስን ሰሞን ወዳጄ ባስልዮስ ፎቶዎቹን ሊያይ ከከተማችን ማዶ፣ ከሂልቶፕ ሰፈር እየነዳ ሊንደን ሰፈር ቤቴ ድረስ መጣ። የልጄን የሶልያናን ስልክ ተቀብሎ ትንሽ እንዳየ ሳቁ አመለጠው።

«ጋሼ ዓባይነህ፣ ሰው ሁሉ ጫማ አድርጎ እርስዎ ብቻ በባዶ እግርዎ!»

ምን ያስቃል? ያን ዋሻ ያላየ ነው የሚስቅ። ጣሪያውን ቀና ብዬ ሳይ አንገቴ ደክሟል፤ ድንጋዩ እንደ ቀለጠ ሻማ ከላይ ተንጠልጥሏል። እኔ ደግሞ በዕድሜዬ ዋሻ የገባሁት ለመሳለም ብቻ ነው። ደጃፉ ላይ ስደርስ እጄ ራሱ የጫማዬን ማሰሪያ ፈታው።

ሶልያና የአንድ ቀን ጉብኝቱን ቡክ ያደረገችልኝ እሷ ነበረችና አፈረች። «ዳዲ፣ ፕሊስ! ቸርች እኮ አይደለም!»

አስጎብኚያችን ቱዋን ግን አልሳቀም። የእንጨቱ መሄጃ እንዳያዳልጠኝ ክንዴን ይዞ እስከ መጨረሻው ወሰደኝ። ስንወጣ ብቻ ለምን እንዳወለቅሁ ጠየቀኝ።

«የሠራው ጌታ እቤት ካለስ ብዬ ነው» አልኩት። ሶልያና እየተነጫነጨች ተረጎመችለት።

ባስልዮስ ገና ሳቁን ሳይጨርስ እጁ ላይ ባለው የሶልያና ስልክ መልእክት ገባ። ከቱዋን ነው። «ዛሬ ዕረፍቴ ነው» ይላል፤ ከሥሩ ፎቶ አለ። አንድም ቱሪስት የለም፤ ቱዋን ብቻውን ዋሻው ደጃፍ ላይ ቆሟል።

ጫማውን በእጁ ይዟል።