በሙከይፌ ውስጥ የወፈረው ቡክሬ

ልጆቼ፣ ካርቱም ውስጥ ሠላሳ ዓመት ልብስ ስሰፋ ብዙ ዓይነት ንክሻ ቀምሻለሁ። ትንኝ ነክሶኛል፣ ጊንጥ ነክሶኛል፣ የባለቤቴ የዘሊካ ምላስም አለ። እንደ ቡክሬ ግን ያዋረደኝ የለም።

ቡክሬን ለማታውቁት ልንገራችሁ። በኛ ሰፈር በዴም በየቤቱ ሙከይፍ አለ፤ ጭድ ላይ ውኃ እያንጠባጠበ ቤት የሚያቀዘቅዝ የቆርቆሮ ሳጥን ነው። ቡክሬ እዚያ ጭድ ውስጥ ምስር አክሎ የሚፈለፈል አረንጓዴ ጥንዚዛ ነው። ምግቡ ቃል ነው። ሰው ሊያደርገው ያላሰበውን ነገር “ቡክራ ኢንሻአላህ”፣ ነገ ማለቱ ነው፣ ባለ ቁጥር ቡክሬ ይበላል። እንቁላል ሲያክል ይወጣና ያበላውን ሰው መቀመጫው ላይ ይነክሰዋል። የተነከሰ ሰው ቃሉን እስኪፈጽም መቀመጥ አይችልም። አንድ ሹም ተነክሶ፣ ስድስት ወር ያስተኛውን የመኖሪያ ወረቀት ሁሉ በየቤቱ እየሮጠ ሲያድል አይቻለሁ። መስጊድ ውስጥም ሰው ሁሉ ተቀምጦ አንድ ትልቅ ሰው ብቻውን ቆሞ ከቀረ፣ ዱዓ ያበዛ እንዳይመስላችሁ።

ነገሩ ጦርነቱ ሳይመጣ ነው። ሬሕማ የምትባል የወሎ ልጅ ግቢያችን ውስጥ ተከራይታ፣ ሰው ቤት እየሠራች ትኖር ነበር። ረክሻ፣ ባጃጅ ማለቴ ነው፣ የሚነዳው ዛኪር ይወዳታል፤ እሷም ትወደዋለች። የጎደለው ሽማግሌ ነው። ካላክላ ከሚኖሩት አጎቷ ከሐጂ ጂብሪል ዘንድ ሄዶ የሚጠይቅ ያስፈልጋል። ረመዳን አለፈ፣ ዓረፋ አለፈ፣ ሽማግሌ የለም። በመሃል አንድ የአል-ሳሃፋ ባለ ሱቅ ሽማግሌ ላከ፤ አጎቷም ለሐሙስ ቀጠሩት።

ማክሰኞ ጠዋት ሬሕማ ግቢው መሃል ቆመችና ድምፅዋን ሳታነሣ፣ እስከ ሐሙስ ሰው ካልላክህ ለባለ ሱቁ እሺ እላለሁ አለችው። ዛኪር አንዴ ብቻ ቀና ብሎ እኔን አየኝ። እኔም ቁልፍ መትከሌን ቀጠልኩ።

በዚያው ሰዓት ዘሊካ ሙከይፉን ልታጥብ ከፍታ ኖሮ፣ እንቁላል ያከለ ቡክሬ ጭዱ ላይ ተንፈራጥጦ አገኘችው። የማን እንደሆነ ማንም አልጠየቀም። ልጅቱን ያስለቀሰ ዛኪር አይደለም? ዘሊካ ቡክሬውን በወንፊት ይዛ መጣች።

“ዙር” አለችው።

ልጁ ሳይከራከር ዞሮ አጎነበሰ። ቡክሬ ሱሪውን አሸተተና ፊቱን አዞረ። ከወንፊቱ ወረደ፤ ግቢውን እንደ ተቆጣጣሪ ተንጎራዶ አቋረጠና ወደ ስፌት መኪናዬ መጣ። የምቀመጥባት በርጩማ በገመድ የተጠለፈች ናት፤ ቀዳዳ አላጣባትም።

ጣሪያ ልነካ ምንም አልቀረኝም።

“አንተ ነህ እንዴ?” አለች ዘሊካ።

እኔ ነኝ። ዛኪር ስድስት ወር ሙሉ ሽማግሌ ሁነኝ ሲለኝ፣ ቡክራ ኢንሻአላህ ስለው ከርሜያለሁ። የሥራ ብዛት እያልኩ አሳበብኩ። እውነቱ ግን ሐጂ ጂብሪል ቁርአኑን በቃላቸው የያዙ ሰው ናቸው፤ እኔ ከመድረሳ በመስኮት የወጣሁ ነኝ። ፊታቸው ቆሜ መናገር ፈራሁ። ዛኪርም ሽማግሌ አላጋልጥም ብሎ ወቀሳውን ብቻውን ተሸከመ።

“አባባ፣ እኔ እኮ እሱን ነበር የምረግመው” አለችኝ ሬሕማ።

ከንክሻው ይኼ ባሰብኝ። ወዲያው ጎረቤታችንን ጸጉር አስተካካዩን ጌታሁንን ጠራሁት። ክርስቲያን ነው፤ ለሽምግልና ግን ያ አይጠየቅም። ሽማግሌ ሦስት መሆን አለበት ብሎ ሲያመነታ፣ ቡክሬ በልብሴ ላይ ሽቅብ ወጥቶ ኮፍያዬ ላይ ጉብ አለ።

“በቃ፣ ሞላን” አለ ጌታሁን።

በዛኪር ረክሻ ሄድን። መቀመጥ ስለማልችል ወንበሩ ላይ ወደ ኋላ ዞሬ ተንበረከክሁና፣ እስከ ካላክላ ድረስ ከኋላችን ለሚመጣው ሚኒባስ ሁሉ ሰላምታ ሰጠሁ።

ዛኪር ማዕዘኑ ላይ ቀረ፤ በደንቡ አግቢው አይታይም። ሐጂ ጂብሪል ግቡ፣ ተቀመጡ አሉን። ሽማግሌ ጉዳዩ ሳይሰማለት አይቀመጥም፤ ዛሬ ዛሬ ግን ይኼን ማን ያከብረዋል? ጌታሁን እንኳ ተቀምጦ ጭማቂውን ጨለጠ። እኔ ቆምኩ። ፍራሽ አነጠፉልኝ፤ ቆምኩ። ሦስተኛ ሲለምኑኝ ዓይናቸው እንባ አቀረረ።

“ከወሎ ከወጣሁ ወዲህ እንዲህ ያለ ደንብ አዋቂ አላየሁም” አሉ።

ላብ እያጠመቀኝ፣ ልጅዎን ለልጃችን አልኩ። የቁርአን ጥቅስም አላስፈለገም።

ሐጂ ጢማቸውን ዳበሱ። ነገሩ መልካም ነው፣ ግን ባለ ሱቁም አለ፣ እናንተም እንደ ወጉ ተመላለሱ እያሉ ቆዩና “እንግዲህ ቡክራ ኢን...” ሲሉ፣ ቡክሬ ኮፍያዬ ላይ ብድግ አለ። አዩት። እሳቸውም የካርቱም ሰው ናቸው።

“...ልጅቱ ከወደደች፣ ዛሬውኑ ሰጥቻለሁ” አሉ።

ስመለስም ዳግም እንዳያመኝ ፈርቼ ተንበርክኬ ነው። ሬሕማ በስልክ ሰምታ ኖሮ፣ በርጩማዬ ላይ የራሷን ብርድ ልብስ አጥፋ አስቀምጣለች።

“አባባ፣ ይቀመጡ” አለችኝ።

ቀስ ብዬ ዝቅ አልኩ። ምንም የለም፣ ልጆቼ። ዓይኔን ጨፍኜ ብዙ ቆየሁ።

ቡክሬውን ዘሊካ ፈልጋ አጣችው። ካላክላ ስንሰናበት፣ ሐጂ “ሠርጉን እኔ እደግሳለሁ፣ ኢንሻአላህ” ሲሉ፣ ሙከይፋቸው ውስጥ ሲገባ አይቼዋለሁ። አልነገርኳቸውም።