የቡልቻ ትንፋሽ

ቡልቻ ከሳንባ ነቀርሳ ድኗል። ሐኪሙ ድነሃል ብሎ የሰጠው ወረቀት ማኅተሙ ተመቶበት ኪሱ ውስጥ አለ። ችግሩ፣ ሊያገባት የሚፈልጋት የጽጌሬዳ አባት አቶ ጉርሙ ለማኅተም የሚበገሩ ሰው አይደሉም። የላካቸው ሽማግሌዎች ደጃቸው ቆመው ልጅዎን ለልጃችን ሲሏቸው፣ ወረቀት አይተነፍስም፣ እኔ የልጁን ደረት ማየት እፈልጋለሁ አሉ። እሑድ ይምጣና እፊቴ አንድ ፊኛ በአፉ ይንፋ፤ ከነፋ ልጄን ይውሰድ፣ ካቃተው ግን ደጄን እንዳትረግጡ ብለው መለሷቸው። ሽማግሌ ልኮ የፊኛ ፈተና የመጣለት ሰው በአርሲ ምድር ከቡልቻ በፊት መኖሩን እንጃ።

ሐሳቡ የመጣላቸው ከልጃቸው ነው። ጽጌሬዳ የቀበሌው መዋዕለ ሕፃናት አስተማሪ ስትሆን፣ ለአብዮት በዓል ሰልፍ የተላኩትን ቀይ ፊኛዎች ቤት ወስዳ ስትነፋ አባቷ ቁጭ ብለው አይተዋታል።

ሳምንቱን በሙሉ ቡልቻና ጽጌሬዳ ለልምምድ ልጆቹ ከመምጣታቸው በፊት መዋዕለ ሕፃናቱ ጓሮ ተገናኙ። የጭላሎ ተራራ ጉም ተከናንቦ አይታይም፤ ከብርዱ የተነሣ የሁለቱም ትንፋሽ ካፋቸው ሲወጣ ይታይ ነበር። ቡልቻ መጀመሪያ ቀን ሲነፋ ጉንጮቹ አበጡ፣ ጆሮው ጮኸ፣ ፊኛው ግን ንቅንቅ አላለም። ጽጌሬዳ በሣቅ ፈረሰች። ከዚያ ፊኛውን ተቀብላ ወዲያና ወዲህ ሳበችው፣ መዳፏ ውስጥ አሸት አሸት አድርጋ አሞቀችውና መለሰችለት።

«በጉንጭህ አትታገለው፤ ከሆድህ አምጣው» አለችው። «የመጀመሪያዋ ትንፋሽ ናት ከባዷ። እሷን ካለፍክ ላስቲኩ ራሱ እሺ ይልሃል። አየር ስትስብ ደግሞ አንገቱን በጣትህ ቆንጠጥ አድርገህ ያዘው።»

ሐሙስ ዕለት ፊኛው እሺ አለው። ቡልቻ ዓይኑን አላመነም። አውቶቡስ ላይ ሰዎች በነጠላቸው አፍንጫቸውን የሸፈኑበት፣ እናቱ ኩባያውን የለየችበት ያ ትንፋሽ፣ እጁ ላይ ቀልቶና ሞልቶ ተቀምጧል። ጉሙ ውስጥ እግሩ መሬት የለቀቀ መሰለው። ዕንባው መጣ፤ አላፈረም።

እሑድ ሽማግሌዎቹ ግራና ቀኝ ተቀመጡ። ቡልቻ ላስቲኩን ሳበ፣ አሞቀ፣ ነፋ። ፊኛው የሰው ራስ ሲያክል አንገቱን ቋጠረና በሁለት እጁ አቀረበላቸው። ሽማግሌዎቹ እልል ሊሉ ምንም አልቀራቸውም።

አቶ ጉርሙ ግን ይኼማ ሕፃናትም ይነፉታል ብለው ከጽጌሬዳ ሌላ ፊኛ ተቀበሉ። ነፉ። ዓይናቸው ፈጠጠ፤ ፊኛው እንዳለ ነው። ደገሙ። በሦስተኛው ሳል ያዛቸው፤ ጎንበስ አድርጎ አላላውስ አላቸው። ማንም አልሣቀም። ቡልቻ ያን ሳል ያውቀዋል፤ ዓመት ከመንፈቅ አብሮት ያደረ ሳል ነው።

አቶ ጉርሙ አፋቸውን የጠረጉበትን መሐረብ ቶሎ አጣጥፈው ጋቢያቸው ሥር ከተቱ። ቡልቻ መሐረቡ ላይ ያለውን ደም አየ። አጠገባቸው ሄዶ በርከክ አለ።

«ጋሼ፣ ከጀመረዎ ስንት ጊዜ ሆነ?» አለ በዝግታ።

«ከፋሲካ ወዲህ» አሉ። ልጃቸውን ማየት አልቻሉም። «ወረቀትህን ሳላምን ቀርቼ አይደለም። ከዚህ በሽታ የወጣ ደረት በዓይኔ ማየት ፈልጌ ነው። እውነት ይዳናል?»

ቡልቻ የነፋውን ፊኛ አንሥቶ እጃቸው ላይ አኖረላቸው።

«ይኼ እኔ ደረት ውስጥ የነበረ ነው፤ ይያዙት። ነገ ሐኪም ቤት አብረን እንሄዳለን።»

ሰኞ ማለዳ ሐኪም ቤቱ ደጃፍ የተሰለፈው ሰው፣ ጋቢያቸው ውስጥ ቀይ ፊኛ ያቀፉ ሽማግሌ ከአማቻቸው ጋር ቆመው አየ። ፊኛው ሌሊቱን ትንሽ ሟሽሿል፤ እሳቸው ግን ሊለቁት አልፈለጉም።