ከእማዬ ተረከዝ ስር

እማዬ ከወገቧ በታች አልታዘዝ ካላት ቆይቷል። አባዬ በሕይወት እያለ ሌላ ሰው አያስነካትም ነበር። ዓምና እሱ ከሞተ ወዲህ ግን፣ መኝታው ጀርባዋን እንዳያቆስላት እኔና የወንድሜ ሚስት እየተፈራረቅን እናገላብጣታለን።

እኔ ቱግ ባይ ነኝ፤ የወንድሜ ሚስት ደግሞ ሠርታ ዝም የምትል ሴት ናት። ስለዚህ ከእማዬ ተረከዝ ስር በጫማ ክር የታሰረ ጥቅል ፎጣ ሳገኝ የሷ ሥራ ነው ብዬ አለፍኩ። ፈትቼ ባጥበውም ተመልሶ ታስሮ አገኘዋለሁ። በመጨረሻ አላስችል አለኝና "ምን አለበት ብትነግሪኝ!" ብዬ ጮህኩባት።

ግራ ገብቷት "እኔ እኮ አንቺ መስለሽኝ ነው" አለች።

ዛሬ ከሰዓት፣ በአባዬ ጊዜ እማዬን ትከታተላት የነበረችው ነርስ ልታያት መጣች። ጀርባዋን ካየች በኋላ እግሯን ገለጠች።

"ጎበዞች! አንድም ቁስል የለም" አለችና ፎጣውን አይታ ሳቀች። "አይ አባትሽ! ተረከዟን በፎጣ ከፍ አድርግላት ብዬ ያስተማርኩት እኔ ነኝ። በክር አትሰረው፣ ይቆረቁራታል ብለው ግን አሻፈረኝ አለ። ለእናንተም አስተምሯችሁ ነው የሞተው?"

"ኧረ ምንም አላሳየንም!" አልኩ፤ ድምፄ ከፍ ብሎ ነበር።

እማዬ ጣቷን ከንፈሯ ላይ አደረገች።

"ቀስ በሉ እንጂ! ሲለፋ ውሎ ገና አሁን ሸለብ ቢያደርገው..."

የተቀመጥኩት አልጋው ጠርዝ ላይ፣ አባዬ ይተኛበት በነበረው በኩል ነበር። ቀስ ብዬ ተነሳሁ። ፍራሹ ግን እንደጎደጎደ ቀረ።